ገበጣን ካልኩሌተር ላይ የጫነችው ትሁን

ወረታ መገንጠያው ላይ፣ የጎንደሩና የደብረ ታቦሩ መንገድ በሚለያዩበት፣ ባጃጆች ተኮልኩለው ሰው በሚጣሩበት በኩል ቆማችሁ «ስልኬ ሞተብኝ» ብትሉ፣ ሁሉም ጣቱን ወደ አንድ ሱቅ ይቀስርላችኋል። ሱቅ ስላችሁ ትልቅ ነገር እንዳታስቡ። አንድ ሰው ከገባ ሁለተኛው ውጭ ቆሞ የሚጠብቅባት የቆርቆሮ ክፍል ናት። ውስጧ ትሁን ማረው አለች። ዕድሜዋ ሃያ ዘጠኝ ነው። አፏ ውስጥ ሁልጊዜ አንዲት ቀጭን መፍቻ ነክሳለች። ሰው ሲያናግራት መፍቻዋን ሳታወጣ ትመልሳለች፤ ደንበኞቿም ለምደውት ይገባቸዋል።

ስለ ትሁን ሳወራ እንደምኮራ አስቀድሜ ተናግሬ ልገላገል። የአገሬ ልጅ ናት፣ ብኮራ ማን ይከለክለኛል? በዚህ መንገድ የሚያልፍ ሹፌር ሁሉ ፎገራን በሩዟና በላሞቿ ብቻ ነው የሚያውቃት። እሱም ደግ ነው፣ አልጠላሁም። ግን ሰውም አለን።

አባቷ መሪጌታ ማረው ይባላሉ። ከወረታ ወደ ጣና ወረድ ብሎ፣ ክረምት ክረምት ውሃ በሚተኛበት ሜዳ ላይ ያለ ደብር ያገለግላሉ፤ ከአገልግሎት ሲመለሱ ደግሞ እንደማንኛውም የአገሩ ሰው ሩዝ ያርሳሉ። ለተማሪዎቻቸው የኔታ ናቸው። ጾሙና በዓሉ በየዓመቱ መቼ እንደሚውል የሚቆጠርበትን ባሕረ ሐሳብ ከሳቸው አፍ የሰማ እስኪሞት አይረሳውም ይባላል። «ከመጠምጠም መማር ይቅደም» ሲሉ ደግሞ ለሰው ሳይሆን ለራሳቸው ጥምጥም የሚናገሩ ይመስላሉ።

ታዲያ የኚህ ሰው ልጅ አሥረኛ ክፍል ላይ በምን ወደቀች ብትሉኝ፣ በሒሳብ! የዓባይን ልጅ ውሃ ጠማው ማለት ይኼ ነው። ውጤቱ የተለጠፈ ዕለት የሒሳብ አስተማሪዋ መምህር ሰውመሆን የትምህርት ቤቱ በር ላይ አገኟትና፣ «አይዞሽ ትሁን፣ እጅሽ ፈጣን ነው፣ ሠርተሽ ትበያለሽ። ሒሳብን ግን አልታደልሽም» አሏት። ክፉ ሰው ሆነው አይደለም፣ ማጽናናታቸው ነበር። እንዲህ ያለ ማጽናኛ ግን ከስድብ ይብሳል። የሰደበ ሰው ተናዶ ነው ይባላል፣ አዝኖ የተናገረን ሰው ምን ይሉታል?

ትሁን ባሕር ዳር አክስቷ ዘንድ ሄደች። አንድ ስልክ ጠጋኝ አጠገብ ስድስት ወር ቁጭ ብላ፣ ሱቁን እየጠረገች፣ እጁን እጁን እያየች ሙያውን ወሰደችበት። ከዚያ ወረታ ተመልሳ መጀመሪያ በጃንጥላ ሥር፣ ቀጥሎ በዚችው ቆርቆሮ ቤት ሥራዋን ጀመረች። ውሃ የገባበት፣ ላም የረገጠው፣ ጤፍ ጆንያ ውስጥ የከረመ ስልክ ሁሉ እሷ እጅ ላይ ነፍስ ይዘራል። ሰው «እጅሽ ይባረክ» ይላታል። እሷ ግን እጇን በተመረቀች ቁጥር ያቺ የበር ላይ ቃል ትመጣባታለች። እጅሽ ፈጣን ነው፣ ሒሳብን ግን አልታደልሽም። አሥራ ሦስት ዓመት ሙሉ እንደ እሾህ ተሰክታባት ኖረች።

ባለፈው ታኅሣሥ፣ ማክሰኞ ቀን፣ መምህር ሰውመሆን ራሳቸው አንድ ካርቶን ታቅፈው ሱቋ በር ላይ ቆሙ። ጸጉራቸው ነጥቷል። ትሁን ለማንም የማታደርገውን አደረገች፣ መፍቻዋን ከአፏ አወጣች።

«ደኅና ነሽ ወይ ትሁን?»

«እግዚአብሔር ይመስገን መምህር። ይግቡ እንጂ፣ ምነው በሩ ላይ?»

ካርቶኑ ውስጥ ዐሥር ካልኩሌተሮች አሉ። የሱቅ ካልኩሌተር እንዳይመስላችሁ። እያንዳንዱ ጡብ ያክላል፣ ከላዩ ሰፋ ያለ መስኮት አለው፣ ከታች ሃምሳ የሚሆን ቁልፍ ተደርድሮበታል። ቀመር ሲሰጡት ግራፉን ስሎ ያሳያል። አንድ የድሮ ተማሪያቸው፣ ዛሬ እሱም አስተማሪ የሆነ፣ ያገለገሉትን ለቃቅሞ ለትምህርት ቤቱ ላከላቸው።

«ልጆቹ ግን አይነኩትም» አሉ መምህር ሰውመሆን። «ብናበላሸውስ እያሉ ይፈሩታል። ሁለት ዓመት ቁም ሳጥን ውስጥ ተቀመጠ። ርዕሰ መምህሯ ሰኞ ጠዋት ክፍል ገብተው ያያሉ፤ የሚነካው ከሌለ ለሚጠቀምበት ትምህርት ቤት ይሰጥ ብለዋል። እውነታቸውን ነው፣ ምን እላቸዋለሁ?»

«ታዲያ እኔ ምን ልርዳዎት?»

«ጌም ይጫንበታል ሲሉ ሰማሁ። ጌም ካለው ይነኩታል፣ ከነኩት ጣታቸው ይለምደዋል፣ ከለመዱት እኔ ግራፌን ይዤ እመጣለሁ። አንቺ ስልክ ላይ ጌም ትጭኚ የለም?»

ትሁን «ላም ባልዋለበት ኩበት ለቀማ መጡ እንዴ መምህር?» ልትል አፏ ላይ ደርሶ ነበር፣ ዋጠችው። ሒሳብን አልታደልሽም ያሉኝ ሰው ሒሳብ በካርቶን ተሸክመው ደጄ ድረስ መጡ! ይኼን ነገር ከሠራሁት ያቺን ቃል ከአፋቸው አስመልሳታለሁ፤ ካቃተኝ ግን ልክ ነበሩ ማለት ነው፣ አበቃ። እንዲህ ብላ ለራሷ ፈረደችና ካርቶኑን ተቀበለች።

ችግሩ የጀመረው ወዲያው ነው። ስልክ ላይ ጌም መጫን ማለት ከካርድ ወደ ስልክ ማሻገር ነው፣ ዓይንን ጨፍኖ ይሠራል። ይኼኛው የካርድ ማስገቢያ የለው፣ ከኮምፒውተር የሚገናኝበት ገመድ አብሮት አልመጣ። ያለው አንድ ዳር ዳሩ የተበላ የእንግሊዝኛ መመሪያ ነው። ትሁን በስልኳ መዝገበ ቃላት አንዷን ቃል እየፈታች፣ በሌላዋ እየተሰናከለች እስከ ረቡዕ ምሳ ሰዓት አነበበችው። የገባት ነገር ቢኖር ይኼ ነው፦ ጌም ከፈለግሽ ራስሽ ጻፊው። ቁልፎቹን አንድ በአንድ እየነኩ ትእዛዝ ማስገባት፣ ሲያልቅ ማስነሣት፣ እንቢ ሲል ማረም።

ደግሞ ዐሥሩም ላይ? እዚያ ላይ ግን ስልክ ጠጋኝነቷ መጣላት። ካልኩሌተሩ ጫፍ ላይ አንዲት ክብ ቀዳዳ አየች። የድሮ ስልክ ጆሮ ማዳመጫ የሚሰካባት ዓይነት ጠባብ ቀዳዳ ናት። የሞቱ ጆሮ ማዳመጫዎች በጆንያ አሏት፣ ጥላ አታውቅም። ከሁለቱ ላይ መሰኪያውን ከነገመዱ ቆርጣ፣ ሽቦውን ቀለም ከቀለም እያጋባች በየደች። አንዱን ጫፍ በአንዱ ካልኩሌተር፣ ሌላውን በሌላው ሰክታ አንዲት ቁጥር ላከች። ቁጥሯ ወዲያ ማዶ ብቅ አለች! ትሁን ብቻዋን እልል አለች። ባጃጅ ውስጥ ሲያንቀላፋ የነበረው ይሄይስ የሚባለው ሹፌር ደንግጦ፣ «ምነው፣ ሠርግ ነው?» ብሎ መጣ።

«ሠርግ ነው!» አለችው። «አንድ ቦታ ከጻፍኩት ለዘጠኙ አጋባዋለሁ።»

መጀመሪያ የጻፈችው ቁጥር መገመቻ ነበር። ማሽኑ አንድ ቁጥር ይደብቃል፣ ሰው ይገምታል። ይሄይስ ሁለት ጊዜ ሞክሮ አዛጋ። «ይኼንማ ስልኬም አይሠራው። ገበጣ የለውም?» አለና ተሳፋሪ ሲመጣለት ሮጦ ሄደ። እሱ ይርሳው እንጂ ትሁን አልረሳችውም። ገበጣ! በሁለት ተርታ ስድስት ስድስት ጉድጓድ፣ በየጉድጓዱ አራት አራት ጠጠር። አንዱን ጉድጓድ አንሥተሽ ጠጠሩን በየተራው አንድ አንድ እያደልሽ መዞር ነው። በዚህ ሜዳ ገበጣ የማይጫወት ልጅ የለም። ጉድጓዱን በቁጥር ብትተካው ስድስት ቁጥር ከላይ፣ ስድስት ቁጥር ከታች፣ መስኮቱ ላይ ልክክ ይላል።

ሐሙስን ሙሉ ስትጽፍ ዋለች። ማስታወሻ የሚባል ነገር አታውቅም፤ ጠጋኝ በእጁ እንጂ በወረቀት አይሠራም። በምትኩ ትእዛዞቹን በአማርኛ እየጠራች ታንጎራጉራለች። «አንሺ፣ እደዪ፣ ተመልከቺ፣ ብዪ፣ ተራ ስጪ።» ደንበኛ መጥቶ ስታናግረው እንኳ «ተራ ስጪ» ማለቷን አልተወችም። አንዲት ሴትዮ የተሰደቡ መስሏቸው ወረፋቸውን ለቀቁ።

ዓርብ ላይ ግን ጠጠሩ ዐሥራ ሁለተኛውን ጉድጓድ አልፎ ዐሥራ ሦስተኛ ፈለገ። ዐሥራ ሦስተኛ ጉድጓድ ደግሞ የለም። ማሽኑ ቀጥ ይላል። ሰው ሲጫወት እጁ ራሱ ዞሮ ወደ መጀመሪያው ይመለሳል፣ ማንም አያስበውም። ማሽን ግን ካልነገሩት ዞሮ አይመጣም፤ ሄዶ ገደል ይገባል። ቅዳሜ እስከ ቀትር ታገለችው። በሩ ላይ የሰማችው ቃል ጆሮዋ ውስጥ ይጮህባት ጀመር።

እናቷ ብርክቲ ጉልበታቸውን ሊታጠቡ ከጎረቤት ጋር ወንዛዬ ፍል ውሃ ወርደው ስለነበር፣ ትሁን ለአባቷ ልታበስል ቅዳሜ ከሰዓት ወደ ሜዳው ሄደች። የጻፈችበትን አንዱን ካልኩሌተር በቦርሳዋ ይዛለች፤ ለሌሎቹ ገና አላጋባችውም። ምሳ አቅርባ ስታበቃ በረንዳው ላይ ተቀምጣ ማንጎራጎሯን ቀጠለች። መሪጌታ ማረው የሩዝ ጆንያ አፍ እየሰፉ ያዳምጣሉ።

«ምንድን ነው እሱ የሚያስለፈልፍሽ?»

«ገበጣ ነው አባዬ። ጠጠሩ ዐሥራ ሁለት ሲያልፍ መመለሻ አጣሁለት።»

መሪጌታ መርፌያቸውን አቆሙ። እንደተገረሙ አዩዋት። «ይኼ ነው የቸገረሽ? ዐሥራ ሁለቱን ግደፊው፣ የተረፈውን ያዢ። ዓመቱን ዐሥራ ዘጠኝ ዐሥራ ዘጠኝ እየገደፍን በተረፈው በዓሉን እናወጣ የለም ወይ? ዐሥራ አምስት ከሆነብሽ ዐሥራ ሁለቱን ጣይው፣ ሦስት ተረፈ፤ ሦስተኛው ጉድጓድ ላይ ነሽ።»

«ምንም ካልተረፈስ?»

«መጨረሻው ላይ አረፍሽ ማለት ነዋ! ዐሥራ ሁለተኛው ነው።»

እንዴት ያለ ነገር ነው! ትሁን ልጅ ሆና በእንቅልፏ የምትሰማውን ቁጥር፣ ክፍል ውስጥ በሌላ ስም ሲያስተምሯት አላወቀችውም ነበር። ሁለት መስመር ጻፈች። አንደኛዋ የምትገድፈዋ፣ ሁለተኛዋ «ምንም ካልተረፈ ዐሥራ ሁለት» የምትለዋ ናት። አስነሣችው። ጠጠሩ ዞሮ መጣ! ስድሳ ሦስት መስመር፣ አንድ ሳትጎድል። የዚያን ዕለት ፀሐይ ሳትጠልቅ አባቷን በራሳቸው ምክር ሁለት ጊዜ አሸነፈቻቸው። መሪጌታ ግን ሦስተኛውን ካልደገምን ብለው ራታቸውን አሳደሩት።

እሑድ ከቅዳሴ መልስ ትሁን አራስ ልትጠይቅ ጎረቤት ሄደች። እዚህ ላይ ስለ ድንጋይ ልንገራችሁ። በኛ አገር የራዲዮና የባትሪ መብራት ውስጥ የሚገባውን ‹ድንጋይ› እንለዋለን፤ ሲደክም አንጥለውም። አውጥተን ፀሐይ ላይ እናሰጣዋለን፣ ሞቅ ሲለው ትንሽ ነፍስ ይዘራል። መሪጌታ ማረው በየእሑዱ የራዲዮአቸውን ድንጋይ አጥሩ ሥር ባለች ጠፍጣፋ ድንጋይ ላይ ይደረድራሉ፤ ወግ ነው። የዚያን ዕለትም ሲደረድሩ ዓይናቸው ካልኩሌተሩ ላይ አረፈ። መስኮቱ ደብዝዟል። የልጄ ነገርስ ለምን ይደክማል አሉ። አባት አይደሉም?

ትሁን ስትመለስ አባቷ በር ላይ በኩራት ቆመው ጠበቋት። «ድንጋዩ ደክሞ ነበር፣ አሰጣሁልሽ። አራቱንም። በስተጀርባ በብሎን የታሰረች እንደ ሰዓት ድንጋይ ያለች ክብም አለች፣ እሷንም በቢላዋ ጫፍ ፈትቼ አወጣኋት። ማንም አይቷት አያውቅም መሰል፣ እኔ ግን አልረሳኋትም!»

መመሪያው ያንኑ ነበር ደጋግሞ ያስጠነቀቀው። አራቱ ሲወጡ ትንሿ ክብ የተጻፈውን ትጠብቃለች፤ እሷም አብራ ከወጣች የተጻፈው ሁሉ ይጠፋል። ሮጣ ድንጋዮቹን ለቀመች። በፀሐይ ትኩስ ሆነዋል። መለሰቻቸው፣ አበራችው። መስኮቱ ወለል ብሎ በራ፣ የአባቷ ፀሐይ ሠርቷል። ውስጡ ግን ባዶ ነው፣ አንዲት መስመር የለችበትም።

መጮህ ፈለገች። በየኔታ ላይ እንዴት ይጮኻል? አጥሩን ይዛ ሜዳውን አየች። ከታጨደው ሩዝ መሐል ላሞቹ ቃርሚያውን ይግጣሉ። ነገ ሰኞ ነው። ዓይኗ እንባ ሞላ።

«ጠፋ» አለች።

«ምኑ?»

«የጻፍኩት። ሁሉም። ድንጋዩ አንድ ላይ ሲወጣ ይጠፋል አባዬ።»

መሪጌታ ማረው ፊታቸው ተለዋወጠ። ይቅርታ የምትባል ቃል ግን የኔታ አፍ ድረስ መጥታ መውጫው ጠፋባት። ጋቢያቸውን አስተካከሉ፣ ጉሮሯቸውን ጠረጉ፣ ሰማዩን አዩ። በመጨረሻ፣ «ስንት ነበር?» አሉ።

«ስድሳ ሦስት መስመር።»

«ስድሳ ሦስት ብቻ? የኔ ተማሪ መቶ ሃምሳውን መዝሙር በቃሉ ያደርስ የለም ወይ? በዚያ ዓመት ውሃው ቤት ድረስ ገብቶ መጽሐፎቻችንን ሲያበሰብሳቸው ከየት ገለበጥናቸው? ከራሳችን አይደለም? ነይ፣ ቁጭ በይ። በይው።»

«አልችልም አባዬ፣ እኔ እኮ አላጠናሁትም…»

«ሦስት ቀን አንጎራጉረሽው? በይው ብያለሁ!»

ቁጭ አለች። መሪጌታ ፊት ለፊቷ በርጩማ ላይ ተቀመጡና ዓይናቸውን ጨፈኑ፤ ተማሪ ቀለም ሲያስቀጽሉ፣ በቃሉ ሲያስይዙት፣ እንደሚያደርጉት ጣታቸውን ጉልበታቸው ላይ መምታት ጀመሩ። ትሁን ድምፅዋን ዝቅ አድርጋ ጀመረች። «አንሺ…» አንዷን መስመር ትጠራለች፣ ትጽፋለች፣ ወደሚቀጥለው ትሻገራለች። ዐሥረኛው ላይ ድምፅዋ ጠራ። ሃያኛው ላይ ፈጠነች። ቃሉ ቃሉን እየጠራው ይመጣል። ለካስ እጇ ብቻ አልነበረም የሚሠራው!

አርባኛው ገደማ ላይ የመሪጌታ ጣት ቆመ።

«ዘለልሽ።»

«አልዘለልኩም።»

«ትናንት ‹ግደፊ› ካልሽ በኋላ ‹ምንም ካልተረፈ ዐሥራ ሁለት› ብለሽ ነበር። ዛሬ የለችም።»

አየችው። እውነት ነው። ያቺ መስመር ባትኖር ኖሮ ጠጠር ዐሥራ ሁለተኛው ጉድጓድ ላይ ባረፈ ቁጥር ማሽኑ ቀጥ ሊል ነበር፣ ያውም በርዕሰ መምህሯ ፊት። ስለ ካልኩሌተር አንዲት ነገር የማያውቁ ሰው፣ ዓይናቸውን ጨፍነው ከስድሳ ሦስት የጎደለችውን አንዷን አገኟት። ኧረ እንዲህ ያለ ጆሮ የት ይገኛል? ከብቶቹ ሳይገቡ ጨረሰችው፤ እንዲያውም ስትደግመው ትርፍ የሆኑ አምስት መስመሮች ታይተዋት ጣለቻቸውና ሃምሳ ስምንት ሆነ።

ሰኞ በማለዳ ሱቋን ከፍታ በዚያች በተበየደች ገመድ ለዘጠኙ አጋባችው። አዲስ ድንጋይ ገዝታ፣ ትንሿን ክብ ሳትነካ፣ ለሁሉም አስገባች። መሪጌታ ማረው «ከተማ ጉዳይ አለኝ» ብለው አብረዋት ወጥተው ነበር፤ ምን ጉዳይ እንደሆነ ቢጠየቁም አልተናገሩም። ጉዳያቸው ትምህርት ቤቱ በር ድረስ ተከተላት። ከዚያም ክፍል ውስጥ ገባና የኋላ ወንበር ላይ ተቀመጠ።

ሃምሳ ተማሪ፣ ዐሥር ካልኩሌተር፣ ለአምስት አንድ። ርዕሰ መምህርቷ ወይዘሮ ደብረወርቅ እጃቸውን አጣምረው በሩ አጠገብ ቆሙ። ልጆቹ መጀመሪያ እንደለመዱት ፈሩት። ማንም አልነካ። ትሁን አንዱን ከፍ አድርጋ፣ «ገበጣ ነው፣ ቁጥሩን ንኩና አንሡ» አለች። አንዱ ነካ። «ውይ፣ በላኝ!» ብሎ ጮኸ። ከዚያ በኋላ ማን ይቻላቸው! «ተራዬ ነው!» «አንተ ተሸንፈሃል፣ ልቀቅ!» ክፍሉ የወረታን ገበያ አከለ። ወይዘሮ ደብረወርቅ ጠጋ ብለው አንድ ጊዜ ልሞክር አሉና ተሸነፉ። «ስልቱ ስላልገባኝ ነው» ብለው ደገሙት፣ አሁንም ተሸነፉ።

ሰገን የምትባል ተማሪ እጇን አወጣች። «እትዬ፣ በኛ ቀበሌ እንዲህ አይበላም። ሕጉ ተሳስቷል።»

«ታዲያ ቀይሪዋ» አለቻት ትሁን፤ ቁልፍ ነክታ ውስጡን ከፈተችላት። ሃምሳ ስምንቱ መስመር ተዘረገፈ። መምህር ሰውመሆን መነጽራቸውን አድርገው አጎነበሱ። መስመሮቹን ቁልቁል እያዩ ሄዱና አንዷ ላይ ቆሙ።

«ይኼን ማን አሳየሽ? ቀሪን ይዞ መዞርን። በየዓመቱ ሦስት ሳምንት አስተምረዋለሁ፣ የሚገባው ሁለት ሰው ነው።» ጠመኔውን ሰጧት። «ንገሪያቸው።»

ትሁን ሰሌዳው ላይ ዐሥራ ሁለት ክብ ጉድጓድ ሣለች። አባቷ በነገሯት ቃል፣ እንደሳቸው፣ ግደፉና የተረፈውን ያዙ ብላ አስረዳች። ሠላሳ ጠጠር የት ያርፋል? ብላ ጠየቀች። ሃምሳ አፍ በአንድ ላይ «ስድስት!» አለ። ሃያ አራትስ? ሰገን ብቻ፣ «መጨረሻው ላይ!» ብላ ብድግ አለች። ትሁን እንደዚያን ሰዓት ኮርታ አታውቅም። ልቧ አፍ ቢኖረው እዚያው ይፎክር ነበር።

ደወል ሲደወል ወይዘሮ ደብረወርቅ ካርቶኑን ይዘው ልጆቹ መሐል አለፉ። አንድም የሚመልስ ጠፋ። ሰገን ቀና እንኳ ሳትል «ትንሽ ቆይ፣ ሕጉን እያስተካከልኩ ነው» አለች፤ ማንን እንደምታናግር አላወቀችም። ርዕሰ መምህሯ ባዶውን ካርቶን ጠረጴዛው ላይ አስቀመጡት። «የትም አይሄድም» አሉ እየሳቁ። «ዕቃው ባለቤት አግኝቷል።»

መምህር ሰውመሆን ግን አልሳቁም። ልጆቹን ዝም አሰኙ። «ስሙ ልጆች» አሉ። «ይህች ልጅ እዚህ ወንበር ላይ ስትማር አስተማሪዋ እኔ ነበርኩ። ሒሳብን አልታደልሽም ብያታለሁ፣ በዚህ አፌ። የተሳሳተችው እሷ አይደለችም፣ እኔ ነኝ። ማስተማሩን ነው ያልታደልኩት። ይቅር በይኝ ትሁን።»

ወረታ ውስጥ አስተማሪ በተማሪ ፊት እንዲህ ሲል ሰምቼ አላውቅም፣ እናንተም አልሰማችሁም። ትሁን ጠመኔውን በጣቷ ስታደቅ፣ ከኋላ ወንበር ላይ ጋቢ ተንኮሻኮሸ። መሪጌታ ማረው ቆሙ። ክፍሉ ሊመርቁ መስሎት አንገቱን ደፋ።

«እኔም አለብኝ» አሉ መሪጌታ። ፊታቸው ቀልቷል። «ትናንት ይኼን ሁሉ ያጠፋሁት እኔ ነኝ። ድንጋዩን አውጥቼ ፀሐይ ላይ አሰጣሁት።» ሃምሳው ልጅ በሳቅ ፈነዳ፤ የሁሉም አባት ያሰጣል እኮ። መሪጌታ ሳቁ እስኪያልቅ ጠበቁ። ከዚያ ጥምጥማቸውን በእጃቸው ያዝ አድርገው፣ ለልጃቸው ጎንበስ አሉና፣

«ይፍቱኝ፣ የኔታ» አሏት።

ትሁን ሳቋም እንባዋም አንድ ላይ መጣባት። በጠመኔ የነጣውን እጇን አነሣች።

«እግዚአብሔር ይፍታ» አለች። «ሁለታችሁንም።»